ማን እንደሆነ ማን ጠየቀ?



«የቤተሰብ መጽሔት ስለ አስፈሪ ፊልም ምን አገባው?» የሚል ጥያቄ ከአንዳንድ ወላጆች ሊነሳ እንደሚችል እናውቃለን። ተገቢ ጥያቄ ነው። በዚህ ገጽ ማንንም ፊልም እንዲያይ ልንጋብዝ አልተነሳንም። ይሁን እንጂ ልጆቻችን በየስልካቸው የሚያዩት ብዙ ነው፤ እኛ ዝም ብንልም ያያሉ። ካዩት ውስጥ ፍሬ ያለው ሲገኝ ፍሬውን ከገለባው ለይቶ ማሳየት የወላጅም የመምህርም ድርሻ ይመስለናል።

ለዛሬ የመረጥነው በምዕራቡ ዓለም ከ300 ዓመት በላይ በመጽሐፍም በፊልምም ሲደጋገም የኖረ ታሪክ ነው። አንድ ባለጸጋ የሚመስል እንግዳ ከሩቅ ይመጣል። ልጅቱን አግብቶ ከወገኖቿ አርቆ ይወስዳታል። ቤቱ ትልቅ ነው፤ በቤቱ ውስጥ ግን እርሷ እንድትከፍተው ያልተፈቀደላት በር አለ። ተመልካቹ ከበሩ ወዲያ ያለውን እያሰበ ይርበደበዳል። እኛ ግን ማንሳት የምንፈልገው ሌላ ጥያቄ ነው። ይኸውም ልጅቱ እዚያ በር ፊት ከመድረሷ በፊት ስለ ሰውየው የጠየቀ ማን ነበር? ጠይቆ ያወቀውንስ ለማን ነገረ? የሚለው ነው።

ከቡፋሎ እስከ ካምበርላንድ

የሜክሲኮ ተወላጅ የሆነው ጊሌርሞ ዴል ቶሮ እ.ኤ.አ. በ2015 «ክሪምሰን ፒክ» የተባለ ፊልም ሠርቶ ለእይታ አብቅቷል። ስሙ «ደም የመሰለ ቀይ ኮረብታ» እንደማለት ነው። ፊልሙ ብዙ ደም የሚፈስበትና ነውርም ያለበት በመሆኑ በአገሩ በአሜሪካ እንኳ ከ17 ዓመት በታች ያሉ ልጆች ያለ ወላጅ እንዳያዩት የተወሰነ ነው። እኛም ነውሩን ትተን የታሪኩን አጥንት ብቻ እንተርካለን።

ጊዜው እ.ኤ.አ. 1901፣ ቦታው በኒው ዮርክ ግዛት የምትገኘው የቡፋሎ ከተማ ነው። ኤዲት ኩሺንግ እናቷ በኮሌራ የሞተችባት፣ ደራሲ ለመሆን የምትመኝ ወጣት ናት። አባቷ ካርተር ኩሺንግ በገዛ ላቡ ከዝቅታ ተነስቶ የከበረ ሰው ነው። አንድ ቀን ከእንግሊዝ አገር «ሰር» የሚል የማዕረግ ስም ያለው ቶማስ ሻርፕ የሚባል መኳንንት ሉሲል ከተባለች እህቱ ጋር ወደ ከተማይቱ ይመጣል። በርስቱ ላይ ያለውን ቀይ ሸክላ አፈር ቆፍሮ የሚያወጣ ማሽን ሠርቻለሁና በገንዘብ አግዙኝ ይላል። መልኩ ያማረ፣ አንደበቱ የለዘበ ነው።

አባትየው እጁን ሲጨብጠው ሥራ ያልነካው ለስላሳ እጅ መሆኑን አውቆ ገንዘብ ይከለክለዋል። ኤዲትም ብትሆን አስተዋይ ናት። የሰውየው ልብስ በጥሩ ሰፊ የተሰፋ፣ ነገር ግን ዓመታት ያለፉበት መሆኑን አይታለች። ምልክቱን ሁለቱም አይተዋል ማለት ነው። አባትየው ባየው ነገር ተጠራጠረ፤ ልጅቱ ግን አዘነችለት፤ ከኀዘኔታውም ፍቅር መጣ።

አባትየው በጥርጣሬው ላይ አልተኛም። መርማሪ ቀጥሮ ስለ እንግዳው አስጠየቀ። በዚህም ቶማስ ሻርፕ ቀደም ብሎ ሚስት ያገባ መሆኑን የሚያሳይ ወረቀት በእጁ ገባ። ከዚያስ ምን አደረገ? ወንድምና እህቱን ለብቻቸው ጠርቶ ወረቀቱን አሳያቸው። ቼክ ጽፎ ሰጥቶም ከተማውን ለቀው እንዲሄዱ፣ ከመሄዳቸው በፊት ደግሞ ቶማስ የልጁን ልብ የሚሰብር ቃል እንዲናገራት አዘዘው። ለኤዲት ግን አንዲት ቃል አልነገራትም። ልጁን ከሐዘን የጠበቃት መስሎት ነበር።

በማግስቱ ጠዋት አባትየው ተገድሎ ተገኘ። ወድቆ የሞተ አስመሰሉት። ቶማስም ደብዳቤ ይልክላታል። አባትሽ ገንዘብ ሰጥቶ ሂድ ስላለኝ ነው እንጂ የተናገርኩት ከልቤ አይደለም ይላታል። ልብ በሉ፤ አባትየው ሰውሮት የሞተው ምስጢር ግማሹ በገዳዩ ወገን አፍ ተነገራት። ያም ግማሽ እውነት እንግዳውን የተበደለ አስመስሎ አቀረበው። ኤዲት አገባችው፤ አትላንቲክንም ተሻግራ በሰሜን እንግሊዝ ካምበርላንድ ውስጥ ወዳለው አለርዴል ሆል ወደተባለው ቤቱ ሄደች።

ቤቱ በእርግጥ ትልቅ ነው። ነገር ግን ጣሪያው የተቀደደ በመሆኑ በረዶና ቅጠል ወደ አዳራሹ ይዘንባል። ከሥሩ ያለው ቀይ አፈር በግድግዳውና በወለሉ እየረሰረሰ ይወጣል። ቤቱም በጭቃው ውስጥ ቀስ በቀስ እየሰመጠ ነው። ባለጸጋ የተባለው ሰው ምንም የለውም፤ ገንዘብ ያላት እርሷ ናት። የቤቱ ቁልፍ በሙሉ በእህትየው ወገብ ላይ ነው፤ ኤዲት ስትጠይቅ አይሰጣትም። በየቀኑ የሚቀርብላት ሻይ መራራ ነው፤ መርዝ አለበት። በመጨረሻም ከእርሷ በፊት 3 ሚስቶች ወደዚያ ቤት ገብተው እንዳልወጡ ታውቃለች። ሁሉም ገንዘብ ያላቸውና ስለ እነርሱ የሚጠይቅ የቅርብ ዘመድ የሌላቸው ነበሩ።

ኤዲት የተረፈችው እንዴት ነው? በራሷ ጥንካሬ፣ እንዲሁም ዶክተር አለን ማክማይክል የተባለ የልጅነት ጓደኛዋ መርማሪውን ዘንድ ሄዶ አባትየው የደበቀውን ወረቀት በማየቱና ያንኑ ይዞ ባሕር በመሻገሩ ነው። ወሬው ደረሰላት፤ ግን ከብዙ ስቃይ በኋላ።

በፊልሙ ውስጥ የሟች መናፍስት እየመጡ ያስጠነቅቋታል። ይህን ለፊልም ሠሪው ሐሳብ እንተወው። ለእኛ የከበደን መንፈሱ ሳይሆን ያ ወረቀት ነው። በቡፋሎ፣ በአባቷ እጅ፣ ከጋብቻው በፊት ተገኝቶ ነበርና።

ከስምንት ቀን ድግስ በኋላ

የዚህ ዓይነቱ ታሪክ ሥሩ ጥንት ነው። ሻርል ፔሮ የተባለው ፈረንሳዊ እ.ኤ.አ. በ1697 ባሳተመው የተረት መጽሐፍ ውስጥ ጺሙ ሰማያዊ ስለሆነ አንድ ሀብታም ይነበባል። ሰውየው በከተማም በገጠርም ቤት፣ የወርቅና የብር ዕቃ፣ በወርቅ የተለበጠ ሠረገላ አለው። ጺሙ ግን ያስፈራል። ከዚህ የባሰው ደግሞ ከአሁን በፊት ብዙ ሚስቶች አግብቶ የት እንደደረሱ የሚያውቅ ሰው አለመኖሩ ነው።

ሰውየው የጎረቤቱን ልጆች ከእናታቸውና ከባልንጀሮቻቸው ጋር ወደ ገጠር ቤቱ ጠርቶ ለስምንት ቀን ይደግስላቸዋል። በስምንተኛው ቀን ለታናሺቱ ልጅ ጺሙ ያን ያህል ሰማያዊ ሆኖ አልታያትም። ፔሮ ይህን በጥቂት ቃላት ነው የሚያልፈው፤ እኛ ግን ከታሪኩ ሁሉ አስፈሪው ቦታ ይህ ይመስለናል። ጺሙ አልተለወጠም። የተለወጠው የሚያየው ዓይን ነው። ድግሱ ከመጣ በኋላ «የቀድሞ ሚስቶቹ የት ናቸው?» ብሎ የጠየቀ ሰው የለም፤ እናትየውም ጭምር።

ከዚያ በኋላ ያለው የታወቀ ነው። ቁልፎቹን ሁሉ ይሰጣታል፤ አንዲቱን ክፍል እንዳትከፍት ይከለክላታል፤ ትከፍታለች፤ የተገደሉትን ሚስቶች ታገኛለች። ሊገድላት ሲል ግን እህቷ ከግንቡ አናት ላይ ሆና መንገዱን ትመለከትላታለች፤ ሁለት ወንድሞቿም በፈረስ ደርሰው ያድኗታል። ይህችን ልጅ ከሌሎቹ ሚስቶች የለያት ብልኅነቷ ወይም ዕድሏ ብቻ አይደለም፤ እርሷን ሊጎበኙ በመንገድ ላይ የነበሩ ወገኖች ያሏት መሆኗ ነው።

አባት ሲጠይቅ

ይህ ሁሉ ልብ ወለድ ነው የሚል አንባቢ ይኖር ይሆናል። እንግዲያው በፍርድ ቤት መዝገብ የሰፈረ አንድ ጉዳይ እንጥቀስ። ጆርጅ ጆሴፍ ስሚዝ የተባለ እንግሊዛዊ ስሙን እየቀያየረ ብዙ ሴቶችን አገባ። ከእነዚህ 3ቱን እ.ኤ.አ. ከ1912 እስከ 1914 ባለው ጊዜ በመታጠቢያ ገንዳ ውስጥ እያሰጠመ ገደላቸው። የሕይወት ዋስትናቸውን ወይም ውርሳቸውን ለመውሰድ ነበር። በእያንዳንዱ ጊዜ ሐኪምም ሆነ አጣሪ በድንገት ሰጥማ ሞተች ብሎ አልፎታል።

የሁለተኛይቱ ሟች አባት ገና ከመጀመሪያው ልቡ አልተቀበለውም ነበር። ልጁን ያገባው ሰው የማን ልጅ እንደሆነ በጽሑፍ ጠየቀው። ስሚዝም ወላጆቹን እየቀለደ የሚገልጽ፣ የሚያላግጥ ፖስት ካርድ ላከለት። ልጁ በታኅሣሥ ወር 1913 ሞተች። አባትየው ግን መጠየቁን አልተወም። ከአንድ ዓመት በኋላ አንዲት አዲስ ሙሽራ በለንደን ገንዳ ውስጥ ሞተች የሚል ወሬ በጋዜጣ ሲያነብ ነገሩ ከልጁ አሟሟት ጋር አንድ መሆኑን አስተዋለ፤ ለፖሊስም አስታወቀ። የባልየው ስም በሁለቱ ወሬዎች የተለያየ ነበር፤ ሰውየው ግን አንድ ሆኖ ተገኘ። ስሚዝ በነሐሴ ወር 1915 ተሰቀለ። የልጁን ሕይወት መመለስ አልተቻለም፤ ከእርሷ በኋላ ሊመጡ የሚችሉትን ግን ያ የአባት ጥያቄ አድኗል።

ከዚህ ላይ አንድ ነገር እንያዝ። ስለ ማንነቱ በአግባቡ ሲጠየቅ የሚያላግጥ ወይም የሚቆጣ ሰው ሳያውቀው መልስ ሰጥቷል።

ጉዳዩ ወደ እኛ ሲመጣ

እኛ ዘንድ የፈረሰ ግንብና የተደበቀ ክፍል የለም። ይሁን እንጂ ከባሕር ማዶ የሚመጣው የጋብቻ ጥያቄ አለ። በባሕረ ሰላጤው አገሮች ወይም በአሜሪካና በአውሮፓ የሚኖር ሰው ነው። ፎቶው በስልክ ይመጣል። ባለ ሱቅ ነው፣ ባለ ሕንፃ ነው፣ የጭነት መኪናዎች አሉት ይባላል። የሚናገረው አንዳንዴ ዘመድ፣ አንዳንዴም ጥቅም ያለው ደላላ ነው። ኒካሑ በወኪል ይታሰራል። ልጅቱም በጥቂት ወራት ውስጥ በስልክ መስታወት ብቻ ወደምታውቀው ሰው ትበርራለች።

ፍትሐዊ መሆን አለብን። በዚህ መንገድ ተጋብተው በሰላም የሚኖሩ፣ ልጆች ወልደው በዲን ያሳደጉ፣ ቤተሰብም የረዱ እጅግ ብዙ ናቸው። በስደት ላይ ያለ ወንድማችን ከአገሩ ልጅ ማግባቱ ነውር አይደለም፤ ሀብታም መሆኑም ወንጀል አይደለም። ሩቅ መሆኑም ክፉ አያደርገውም። ርቀቱ የሚያደርገው ነገር ቢኖር በመንደር ውስጥ ሳንጠይቅ የምናውቀውን ሁሉ ጠይቀን ብቻ የምናውቀው ማድረጉ ነው። የሰፈራችን ልጅ ቢሆን እናቱን እናውቃታለን፤ ሲቆጣም ሲስቅም አይተነዋል፤ የሱቅ ዕዳውን እንኳ እንሰማለን። ከባሕር ማዶ ያለውን ግን ራሱ የነገረንን ብቻ ነው የምናውቀው።

ታዲያ ለምን አንጠይቅም? አለማወቅ ብቻ አይመስለንም። «ብንጠይቀው ይቀየመናል፣ ዕድሉም ያመልጠናል» የሚል ፍርሃት አለ። ልጅቱ ሄዳ ቤተሰቡን ታወጣለች የሚል ተስፋ አለ። ቤቱ ሲጠበብ፣ ኑሮ ሲከብድ፣ ታናናሾቿ ሲያድጉ ይህ ተስፋ ቀላል አይደለም፤ ወላጆችን ለመውቀስም አንቸኩልም። ግን ያ የስምንት ቀን ድግስ እኛም ቤት እየተደገሰ ጺሙን እንዳናይ እያደረገን አለመሆኑን እንመርምር።

የኒካሕ ወረቀት መኖሩ ብቻውን እንደማይበቃ ከሕንድ አገር የተሰማ አንድ ጉዳይ ያስረዳናል። ሃይደራባድ ብዙ ሙስሊሞች የሚኖሩባት ትልቅ ከተማ ናት። እ.ኤ.አ. በ1991 ከዚያች ከተማ ወደ ዴልሂ በሚበርር አውሮፕላን ውስጥ አንዲት የበረራ አስተናጋጅ የምታለቅስ የ10 ዓመት ልጅ ታያለች። ስትጠይቃት ከአጠገቧ የተቀመጠው 60 ዓመት ገደማ የሆነው የባሕረ ሰላጤ ሰው ባሏ መሆኑ ታወቀ። ወላጆቿ ድሆች ነበሩ። እ.ኤ.አ. በ2017ም የዚያች ከተማ ፖሊስ ከኦማንና ከቃጠር የመጡ ሰዎችን፣ ደላሎችንና ኒካሕ ያሰሩ ቃዲዎችን ሳይቀር በቁጥጥር ሥር አውሏል። ቃዲም፣ ምስክርም፣ መህርም የተሟላ መስሎ ሊታይ ይችላል። ልጅቱን «ምን ሆነሽ ነው?» ብላ የጠየቀቻት ግን የማትዛመዳት የበረራ አስተናጋጅ ነበረች። ይህ ለማንኛውም ሙስሊም ቤተሰብ የሚያሳፍር ነው።

አውቆ መደበቅ

ዲናችን በዚህ ጉዳይ ላይ ዝም አላለም። ዑመር ኢብኑል ኸጣብ (ረ.ዐ) ዘንድ ስለ አንድ ሰው መልካምነት ሊመሰክር የመጣን ሰው ሦስት ነገር እንደጠየቁት ይነገራል። ጎረቤቱ ሆነህ ታውቃለህ ወይ? በገንዘብ ተገበያይተኸዋል ወይ? አብረኸው ተጉዘሃል ወይ? ሰውየው ለሁሉም አይደለም ሲል እንግዲያው አታውቀውም አሉት። መስጊድ ውስጥ ሲሰግድ ያየ ሰው ያየው ስግደቱን ነው፤ ጠባዩን ግን ጎረቤቱ፣ ባለገንዘቡና የመንገድ ጓደኛው ናቸው የሚያውቁት።

የፋጢማ ቢንት ቀይስ (ረ.ዐ) ታሪክ ደግሞ በሶሒሕ ሙስሊም ተመዝግቧል። ከፍቺ በኋላ ሁለት ሰዎች እንደጠየቋት ለነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ነገረቻቸው። እርሳቸውም የአንዱን እጀ ከባድነት፣ የሌላውን ገንዘብ ማጣት ሳይሸሽጉ ነግረዋት ኡሳማን እንድታገባ መከሯት። በመጀመሪያ ባትወደውም አገባችው፤ ኋላም በጋብቻዋ መልካም እንዳገኘች ራሷ ተናግራለች። እዚህ ላይ የምናስተውለው ሁለት ነገር ነው። አንደኛ፣ ነውሩ ተነገረ። ሁለተኛ፣ የተነገረው ለራሷ ነው። ኢማም አን-ነወዊይም ስለ ጋብቻ ምክር ሲጠየቁ የሚያውቁትን መናገር ከተከለከለው ሐሜት እንደማይቆጠር ጽፈዋል። ስለዚህ «ሐሜት እንዳይሆንብኝ» ብሎ ስለ ጠያቂው የሚያውቀውን ክፉ ነገር የሚሰውር ሰው አደራ አጎደለ እንጂ ምላሱን አልጠበቀም።

ቡኻሪ በዘገቡት ሌላ ሐዲስ ደግሞ ኸንሳእ ቢንት ኺዳም (ረ.ዐ) አባቷ ያለ ፈቃዷ ቢድሯት ወደ ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ቀርባ ነገረች፤ እርሳቸውም ጋብቻውን ሽረውታል። ፈቃድ ማለት ደግሞ ሳያውቁ እሺ ማለት አይደለም። የምትስማማበትን ነገር ያልነገርናት ልጅ እሺ ብትል የተስማማችው እኛ በሳልንላት ሥዕል ነው።

አሁን ወደ ኤዲት አባት እንመለስ። ካርተር ኩሺንግ ከብዙ ወላጆች ይሻላል፤ ጠይቋልና። የጎደለው መናገሩ ነው። ልጁን እንደ ሕፃን ቆጥሮ ጉዳዩን በገንዘብና በምስጢር ሊጨርሰው ፈለገ። እርሱ በሕይወት ካለ ይጠብቃታል፤ እርሱ ሲሞት ግን ጠባቂዋ አብሮ ሞተ። ወረቀቱን ሰጥቷት ቢሆን ኖሮ ጠባቂዋ በእጇ ይቀር ነበር። እኛ ዘንድም እንዲህ ይሆናል። አጎት አንድ ነገር ይሰማል፤ «እንዳትረበሽ» ብሎ ይሰውራል። አክስት ሌላ ሚስት እንዳለችው ታውቃለች፤ «እዚያ ስትደርስ ይለመዳል» ትላለች። ሁሉም የየራሱን ቁራጭ ይዞ ዝም ይላል። ልጅቱም ሙሉውን በባዕድ አገር፣ ለብቻዋ ታገኘዋለች። የቸኮለች አፍሳ ለቀመች ይባላል፤ በሰው አገር ግን የፈሰሰውን ለመልቀም የሚያግዝ ወገን አይገኝም።

ምን እንጠይቅ?

የዑመርን (ረ.ዐ) ሦስት ጥያቄዎች ወደ ዘመናችን ብናመጣቸው እንዲህ ይሆናሉ።

ጎረቤት፦ ሰውየው በሚኖርበት ከተማ ያለ መስጊድ ኢማም፣ የአገር ልጆች ማኅበር፣ አብሮት የተከራየ ሰው ይፈለግ። አንድ ሰው አይበቃም፤ እርሱ ራሱ «እከሌን ጠይቁ» ያለው ሰው ደግሞ ከሁሉም ያንሳል። ሴቶችም ይጠየቁ፤ ስለ ቤት ውስጥ ጠባይ የሚያውቁት እነርሱ ናቸውና።

ገንዘብ፦ ሥራው ምንድን ነው? የት ነው? አብሮት የሚሠራ አለ? ሀብቱን ቆጥረን ልንወርሰው አይደለም፤ የተናገረው እውነት መሆኑን ልናውቅ ነው። በትንሹ የዋሸ በትልቁ መዋሸቱ አይቀርም።

መንገድ፦ አብሮት የተሰደደ፣ በችግር ጊዜ ያየው ሰው ይኖራል። ከአሁን በፊት አግብቶ ከነበረ ፍቺው እንዴት ሆነ? ልጆቹን ይረዳል? የምትገኝ ከሆነ የቀድሞ ሚስቱ ትጠየቅ። የሰማያዊ ጺሙ ሰው ጎረቤቶች ያልጠየቁት ይህንን ነው።

ከዚህ ሌላ ወረቀቱም ይታይ። በሳዑዲ ዐረቢያ አንድ ዜጋ የውጭ አገር ሴት ለማግባት የመንግሥት ፈቃድ ማግኘት አለበት፤ ያለ ፈቃድ የተፈጸመ ጋብቻን ማስመዝገብ ያስቸግራል። በባሕረ ሰላጤው አገሮች በባሏ ስም የገባች ሚስት የመኖሪያ ፈቃዷም ከእርሱ ጋር የታሰረ ነው። በአሜሪካ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ2006 የጸደቀ ሕግ አለ። ዜጋው እጮኛውን በቪዛ ለማስመጣት ሲያመለክት በኃይል ድርጊት ወንጀል ተፈርዶበት ከነበረ እንዲገልጽ፣ ለእጮኛይቱም እንዲነገራት ያዛል። የባዕድ መንግሥት እንኳ ጠይቆ መንገርን ግዴታ ካደረገው ወሊይ እንዴት ይተወዋል? በዚያው አገር እ.ኤ.አ. በ1994 የወጣ ሕግም ዜጋ ወይም ቋሚ ነዋሪ የሆነ ባሏ የሚያሠቃያት ሚስት እርሱ ሳያውቅ በራሷ የመኖሪያ ፈቃድ እንድትጠይቅ ይፈቅዳል። «ወረቀትሽን አስቀድድብሻለሁ» የሚለው ማስፈራሪያ ሁልጊዜ እውነት እንዳልሆነ እህቶቻችን ይወቁ።

በአገራችን የቤተሰብ ሕግ ለጋብቻ 18 ዓመት መሙላትንና የሁለቱን ወገኖች ነጻ ፈቃድ ይጠይቃል። በ2004 ዓ.ም. የወጣው የወሳኝ ኩነት ምዝገባ አዋጅም በሃይማኖት ሥርዓት የተፈጸመ ጋብቻ ሳይቀር እንዲመዘገብ ያዛል። ኒካሑን አስመዝግቦ ኮፒውን እቤት ማስቀረት የአንድ ቀን ሥራ ነው። መህሩ በጽሑፍ ይሁን። ትምህርቷን እንድትቀጥል፣ ቤተሰቧን እንድታገኝ፣ ፓስፖርቷ በእጇ እንዲሆን ከተፈለገ በውሉ ላይ እንደ ሸርጥ ይግባ። በጋብቻ ውል የተገባ ሸርጥ ከሁሉ ይበልጥ ሊፈጸም የሚገባው መሆኑን ነቢያችን (ሰ.ዐ.ወ) አስተምረዋል።

ለእህቶቻችንና ለወንድሞቻችን

ውድ እህታችን፣ ስለምታገቢው ሰው መጠየቅ ድፍረት አይደለም፤ መብትሽ ነው። ሽማግሌዎቹ የሰሙትን በሙሉ እንዲነግሩሽ ለምኚ፤ ካልነገሩሽም ደግመሽ ጠይቂ። ኢስቲኻራ ስገጂ፤ ኢስቲኻራ ግን የምክክር ተጨማሪ እንጂ ምትኩ አይደለም። ስትሄጂም ቢያንስ በየሳምንቱ ድምፅሽን የሚሰማ አንድ ሰው ይኑርሽ። እናትሽ ብትሆን፣ እህትሽ ብትሆን፣ በዚያ ከተማ የምትኖር የአገርሽ ልጅ ብትሆን። ባልሽ መልካም ሰው ከሆነ ይህ አይከብደውም፤ ከወገኖችሽ ሊቆርጥሽ ከፈለገ ግን ምልክቱ ያ ነው።

በስደት ያለህ ወንድማችን ሆይ፣ የልጅቱ ቤተሰብ ሲጠይቁህ አትቀየም። ልጃቸውን የሚሰጡት ባሕር ተሻግሮ ላለ ሰው ነው። እህትህን ለማታውቀው ሰው ብትሰጥ አንተስ ምን ትጠይቅ ነበር? ያለህን ንገራቸው፤ የሌለህንም ንገራቸው። ታክሲ የምትነዳ ከሆነ ታክሲ እነዳለሁ በል። ሐላል እንጀራ አያሳፍርም፤ በውሸት ሕንፃ ላይ የተሠራ ትዳር ግን እንደ አለርዴል ሆል ከሥሩ ይሰምጣል።

ወላጆችም፣ ልጃችሁን ከሸኛችሁ በኋላ የሚላከውን ገንዘብ ብቻ አትጠብቁ። በስልክ ስታገኟት ስለ ታናናሾቿ ትምህርት ክፍያ ከማንሳታችሁ በፊት «ልጄ፣ ደኅና ነሽ?» በሏት፤ መልሷንም በትዕግሥት አድምጡ። ደኅና አይደለሁም ካለች ደግሞ «ታገሺ» ከማለት በፊት ምን እንደደረሰባት ስሙ። ወደ ቤቷ መመለስ ብትፈልግ በሩ ክፍት መሆኑን ዛሬውኑ፣ ገና ሳትሄድ ንገሯት።

አላህ ልጆቻችንን ከሚያውቁትም ከማያውቁትም ክፉ ይጠብቅልን። ትዳራቸውን የእዝነትና የመተሳሰብ ያድርግላቸው። ለእኛም የምናውቀውን እውነት በጊዜው የምንናገርበት ድፍረት ይስጠን። አሚን።

ወስሰላሙ ዐለይኩም ወረሕመቱላሂ ወበረካቱህ።